ከአንድ ደመና

ኅዳር ሲገባ ነው ድንኳን የሚተከል፣
ከሳልሚ መንገድ ግራ፣ ከበረሃው መሃል።
ቤተሰቡ ሁሉ ከከተማ ነቅሎ፣
በፒካፑ ጀርባ ምንጣፍ ተቆልሎ።
እኔም ከዕቃው ጋር ነኝ፤ ጭኔ ላይ ድስት አለ፣
ከድስቱ ውስጥ ደግሞ የሕፃን ጫማ አለ።

ደላል ይባላል የማዳም ልጅ ስሟ።
መጀመሪያ ሰሞን «ደላል!» ሲባል ቤት ውስጥ
ያ ደላላው መስሎኝ
ሻንጣዬን እፈልግ ነበር።

ዛሬ ማታ ከድንኳኑ ጀርባ፣ የጎማ ዱካ ካለቀበት፣
ባለ ሦስት እግሩን መነጽሯን አቆመችና
«ጀነሬተሩን አጥፉት!» አለች።
ጠፋ።
ጨለማው መጣ፣ በጆሮ የሚሰማ፤
በምሥራቅ ብቻ ቀረ ፍሙ የከተማ።

«ነይ፣ እዪ» አለችኝ። እጄ ሳሙና ነው።
በቀሚሴ ጠረግሁ፣ ጎንበስ አልሁ።
መጀመሪያ ምንም። የራሴ ሽፋሽፍት።
ቀጥሎ አንድ። ቀጥሎ ሦስት።
ስድስቱ ጎላ ያሉ፣ ጥንድ ጥንድ ሆነው የቆሙ፤
ሌሎቹ ደቃቅ፣
ትክ ብዬ ሳያቸው የሚጠፉ፣
ዓይኔን ዞር ሳደርግ የሚመጡ፣
እንደ ረሱት ስም።

«ደመናውስ? ደመናውን አየሽ?»
ጭስ የመሰለ ነገር። እንዳየሁም እንጃ።

ኮምፒውተሯን ከፈተች።
ካሜራዋ ትናንት አራት ሰዓት ሙሉ ያንኑ ቦታ ሲጠብቅ
ያጠራቀመው ይኸው፤ ቀይ።
እንደ በርበሬ አይደለም፣ እንደ ደምም አይደለም፤
ሕፃን ሲያለቅስ ድዱ እንደሚቀላው ነው።
መሃሉ ግን ጎድጓዳ፣ ባዶ፣
ከባዶው ውስጥ እነዚያ ስድስቱ፣ እነዚያ ደቃቆቹ።
«ዓይን ችኩል ነው» አለች፣ «ያየውን ወዲያው ይጥላል፤
ካሜራ ይቆጥባል።»
ስለ ቁጠባ ጥቂት አውቃለሁና ዝም አልሁ።

«ልጆች ናቸው፤ ጥቂት ሚሊዮን ዓመታቸው።»
ሳቅሁ። እሷም ሳቀች።
«ለኮከብ ገና አራስነት ነው።
ሁሉም ከዚያ ደመና ወጡ፤
ደመናውም የሚያበራው በነሱ ትኩሳት ነው።
በትንፋሻቸው ግን ይገፉታል፣
መሃሉን ያጎደጎዱት እነሱ ናቸው።»
«ኋላስ?»
«ኋላማ ደመናው በኖ ያልቃል፣
እነሱንም የሚያስር ገመድ የለም፤
አንድ በአንድ፣ በየመንገዳቸው።»

አሥራ አራት ነበርን፣ በአንድ አውሮፕላን የመጣን፣
ሐወሊ ከመክተቡ ፎቅ ስምንት ፍራሽ የተሰጠን።
ጦይባ በሕልሟ ትስቃለች፣ ዙሪያሽ ጥርሷን ታፋጫለች፣
እንይሽ ከግድግዳው ተደግፋ ቁጭ ብላ ታንቀላፋለች።
የማን ትንፋሽ የማን እንደሆነ አይለይም።
መብራት ሲጠፋ የነቃች ትስላለች፣
የሰማች መልሳ ትስላለች፤ ሌላ ቃል አልነበረንም።
በሩ ይከፈታል። አንድ ስም ይጠራል።
ጦይባ ጀህራ። እንይሽ ፈሃሂል።
ትርፌን ማን እንደወሰዳት አልሰማንም።
እኔ አሥራ ሁለተኛዋ ነበርሁ፤
ልወጣ ሰሞን ሳስል
ግድግዳው ይመልስልኝ ጀምሮ ነበር።

«ከተበተኑስ በኋላ ይተዋወቃሉ?»
ደላል ጥቂት አሰበች።
«እነሱ እንጃ። የሚያውቁላቸው ግን አሉ፤
ብርሃናቸውን ዘርዝረው፣ ውስጡ ያለውን ብረት ለክተው
ይህችና ያቺ የአንድ ቤት ነበሩ የሚሉ።»

አልነገርኋትም እኔ።
ባለፈው ረመዳን፣ ጀምዒያው ወረፋ ላይ፣
ከፊቴ ሦስተኛዋ፣ ጥቁር ዓባያ፣
ጋሪው ላይ የሰው ልጅ።
ሒሳብ ስትጠብቅ አውራ ጣቷን በጥርሷ ነካ አደረገች።
መኪያ!
ማዳም አጠገቤ ቆማለች፣ ስልክ ታወራለች።
ሳልሁ።
አልዞረችም። ጋሪውን ገፋ አደረገችና
ሳለች።
ወረፋው ተንቀሳቀሰ።

ከድንኳኑ ጠሩኝ፤ ሕፃኑ ነቅቷል።
ጀነሬተሩ ተነሣ፣ አምፖሉ በራ፣ ሰማዩ ተከደነ።
አቀፍሁት። አፉን ከፍቶ ሲያለቅስ አየሁት ያንን ቀይ፣
በዚህ በችኩሉ ዓይኔ።